በራሳችን ስንስቅ የምንሳሳታቸው ነገሮች

በእኛው ጠባይ የሚያሾፍ የቴሌቪዥን ኮሜዲ መጻፍ ቀላል ይመስላል። ወሬው ደጃፋችን ላይ ነውና። ግን አብዛኛው ይከሽፋል፣ ደግሞ በዚያው በለመድነው ስህተት።

ዋናው፣ አነጋገርን ቀልድ ማድረግ ነው። ከገጠር የመጣች ሠራተኛ፣ አማርኛ የሚያደናቅፈው ዘበኛ፣ ከጀርባ የተቀዳ ሳቅ፣ አለቀ። ምኑ ነው የሚያስቀው? ጠባይ ሌላ ነገር ነው። ካፌ ውስጥ ሁለት ጓደኛሞች በሒሳብ ሲታገሉ አይታችኋል? አንዱ "ሞቼ እገኛለሁ!" እያለ የአስተናጋጇን ክንድ ይይዛል፣ ሌላው እጁን ኪሱ ከትቶ "ኧረ ተው፣ እኔ ነኝ የምከፍለው" ይላል እንጂ እጁ አይወጣም፣ አስተናጋጇ ደግሞ ማን ቀድሞ እንደሚሸነፍ ስለምታውቅ ዝም ብላ ትጠብቃለች። ቀልዱ ያቺ ያልወጣች እጅ ናት።

ሌላው ምክር ነው። ሲያስቁን ቆይተው መጨረሻ ላይ አንድ ሽማግሌ ይመጡና "ልጆቼ፣ ውሸት ጥሩ አይደለም"። ኧረ በናታችሁ! ሰውየው "እየደረስኩ ነው፣ መገናኛ ነኝ" ብሎ ስልኩን ዘግቶ ፎጣውን ሲፈልግ ካሳያችሁን በቂ ነው። ቅኔ ባለበት አገር ወርቁን አፍርጦ መናገር ነውር ነው። ፋና ላይ ይታይ የነበረው "ምን ልታዘዝ" ይሄ ገብቶት ነበር። የሚያሳየው ካፌ ነው፤ ተመልካቹ የሚያየው ግን አገሩን ነበር።

ራስን ከጉዱ ማውጣትም አለ። "የእኛ ሰው እኮ..." ይላል ጸሐፊው፣ እሱ ከማርስ የመጣ ይመስል። እኔም አንዴ ስለ ሐሜተኛ ጎረቤት ጭውውት ጽፌ ለጓደኛዬ አነበብኩለት። "ይሄን ሁሉ ከማን ሰማህ?" አለኝ። ቀደድኩት።

ማብዛትስ? የእንግሊዞቹ የቴሌቪዥን ኮሜዲ "ፎልቲ ታወርስ" በጠቅላላው 12 ክፍል ነው፤ 6ቱ በ1975፣ 6ቱ በ1979 እ.ኤ.አ.። ከጸሐፊዎቹ አንዱና ዋናው ተዋናይ ጆን ክሊስ ቶርኪ ከተማ ውስጥ ያረፈበት ሆቴል ባለቤት እንግዳ ሲያመናጭቅ አይቶ ነው ሐሳቡ የመጣለት፣ ከዚያም ለባለማዕረግ የሚያጎነብስ፣ አስተናጋጁን የሚኮረኩም ሰው ሠራ። ያለውን ብሎ አቆመ። እኛ ጋ ግን ስፖንሰር እስካለ ይቀጥላል፤ ዘበኛው ያንኑ ቀልድ ድርጅቱ በሰጠው አዲስ ኮፍያ ይደግመዋል።