በወንጀል ዘጋቢ ፊልም ላይ የማህደር ምስል ስትጠቀሙ ከእነዚህ ስህተቶች ተጠንቀቁ

ባለፈው ሳምንት አንድ ወጣት ኤዲተር የመጀመሪያ ቅንብሩን አሳየኝ። ተራኪዋ «በዚያ ሌሊት ፖሊስ ቤቱን ከበበ» ስትል መብራቱ የሚብለጨለጭ የፖሊስ መኪና ይመጣል። «የዚያ ሌሊት ነው?» አልኩት። «አይ፣ የሌላ ጉዳይ ነው፤ ማን ያውቃል ብለሽ ነው?» አለኝ። ይህን መልስ መስማት ሰልችቶኛል።

የሚያውቅ አለ! እዚያ ሰፈር የነበረ ሁሉ ያውቃል። የማያውቀው ተመልካች ደግሞ የባሰ ተጎጂ ነው። በተዋንያን የተሠራ ትዕይንት ሲያይ ድራማ መሆኑን ይረዳል፤ የደበዘዘ አሮጌ ቪዲዮ ሲያይ ግን «ይህ በእርግጥ ሆኗል» ብሎ ይቀበላል። የማህደር ምስል በፊልማችን ውስጥ ምስክር ነው። በማይመለከተው ጉዳይ ላይ ስናቆመው በሐሰት እንዲመሰክር እያደረግነው ነው።

እኔም አድርጌዋለሁ። ከዓመታት በፊት እጁ በካቴና የታሰረ ሰው ከጀርባው የሚታይበት የፍርድ ቤት ኮሪደር ምስል አገኘሁ፤ አራት ሰከንድ ነው። ከሌላ ጉዳይ የተወሰደ ነበር። «ፊቱ አይታይም» ብዬ «ገዳዩ» በሚለው ቃል ላይ አስገባሁት። ፊልሙ በተላለፈ ማግስት የሰውየው ልጅ ደወለች። አባቷን ያወቀችው በአረማመዱ ነው፤ ግራ ትከሻው ዝቅ ይላል። በነጻ የተሰናበተ ሰው ነበር። ምስሉን ከሁሉም ቅጂ አወጣሁት፤ ቀድሞ ያየውን ሰው ሁሉ ግን ከየት አገኛለሁ? ከዚያ ወዲህ ታይምላይኔ (ምስሎቹን በቅደም ተከተል የምደረድርበት የኤዲቲንግ መስመር) ላይ ቀኑ፣ ቦታውና የመጣበት ቴፕ ያልተጻፈበት ምስል አይገባም። የግድ ሌላ ምስል ካስፈለጋችሁ ከጉዳዩ ጋር እንደማይገናኝ እዚያው ስክሪኑ ላይ ጻፉ።

የደህንነት ካሜራ ሰዓትን በጭፍን አትመኑ። መብራት ሲጠፋ ይዛባል፤ በበጋና በክረምት ሰዓት በሚቀየርባቸው አገሮችም ሳይስተካከል ይቀራል። ከደረሰኝ ወይም ከስልክ ጥሪ መዝገብ ጋር አመሳክሩት። ፍጥነቱንም እዩ። በሰከንድ 5 ፍሬም (ነጠላ ምስል) የተቀዳ ቪዲዮ እንደ 25 ፍሬም ከተነበበ አምስት እጥፍ ይፈጥናል፤ ቀስ ብሎ የሄደ ሰው የሚሸሽ ይመስላል። «ሮጦ አመለጠ» የሚል ትረካ በእንዲህ ዓይነት ቪዲዮ ላይ ተነብቦ አይቻለሁ።

ድምፅ የሌለው ቪዲዮ ላይ የእግር ኮቴ ወይም ጩኸት መጨመር ማስረጃ መፍጠር ነው። በሰው ሠራሽ አስተውሎት ፊት ማጥራትም ያው ነው፤ ማሽኑ ያልነበረ ፊት ይስላል።

ጅማሬውን አትቁረጡ። እ.ኤ.አ. በ1991 ጆርጅ ሆሊዴይ የተባለ ነዋሪ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ፖሊሶች ሮድኒ ኪንግ የተባለ ጥቁር አሜሪካዊን ሲደበድቡ ሲቀርጽ የመጀመሪያዎቹ ሰከንዶች ደብዝዘው ነበርና ቴሌቪዥኖች አውጥተዋቸው ደጋግመው አሳዩት። የፖሊሶቹ ጠበቆች ችሎት ላይ የያዙት ያንኑ የተቆረጠውን ክፍል ነው። ድብደባውን የሚያጸድቅ ነገር አልነበረውም፤ መቆረጡ ግን ለክርክራቸው በር ከፈተላቸው።

ቅደም ተከተልም እንዲሁ። አብርሃም ዛፕሩደር የተባለ ተመልካች የአሜሪካውን ፕሬዚዳንት የኬኔዲን ግድያ የቀረጸበት ፊልም፣ ግድያውን በመረመረው በዋረን ኮሚሽን ጥራዞች ሲታተም ፍሬም 314 እና 315 ቦታ ተለዋውጠው ወጡ። የአሜሪካ ፌዴራል ምርመራ ቢሮ (ኤፍቢአይ) የኅትመት ስህተት ነው ቢልም፣ ጭንቅላቱ ወደየት እንደተገፋ ለሚከራከሩት ሁሉ ሁለቱ ፍሬሞች የጥርጣሬ ምንጭ ሆነው ቀሩ።

አራት ለሦስት (በአሮጌው ቴሌቪዥን ጠበብ ያለ ቅርጽ) የተቀረጸን ምስል የዛሬውን ሰፊ ስክሪን ለመሙላት አትለጥጡ፤ የሟችን ፊት ታበላሻላችሁ።

ቅጂውን መያዝ መብቱን መያዝ አይደለም። የአሜሪካ መንግሥት ለዛፕሩደር ፊልም እ.ኤ.አ. በ1999 ዓ.ም. 16 ሚሊዮን ዶላር እንዲከፍል ሲወሰን እንኳ የቅጂ መብቱ ከቤተሰቡ ጋር ነበር፤ ኋላ ዳላስ ለሚገኘው ሙዚየም የሰጡት እነሱ ናቸው። ከዩቲዩብ አውርዳችሁ «በኋላ እናስፈቅዳለን» አትበሉ።

ለቤተሰብ ሳትደውሉ የቤት ቪዲዮ አታስተላልፉ። አንዲት እናት የሟች ልጇን የልደት ቪዲዮ በፈቃዷ ሰጥታን ነበር። ልጅቷ ኬኩን ስትቆርስ የሚታይበትን ፊልሙ ውስጥ ከአስከሬን ምርመራው ወረቀት ቀጥሎ አድርገነው ነበር። አስቀድመን ስናሳያት «ይሄን እዚህ አታድርጉት» ብቻ አለች። ወደ መጀመሪያው ትዕይንት አዛወርነው።