«ሚሊ-ማውዝድ» ስትሉ ተጠንቀቁ

እንግሊዝኛ ስታነቡ «ሚሊ-ማውዝድ» (mealy-mouthed) የሚል ቅጽል ከገጠማችሁ ከምግብ ጋር እንዳታያይዙት። እዚህ ያለው «ሚል» (meal) የእህል ዱቄት እንጂ ቁርስ ምሳ አይደለም። ቃል በቃል «አፉ ዱቄታም» እንደማለት ነው። ከ16ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ በጽሑፍ ይገኛል።

ትርጉሙ፦ እውነቱን ፊት ለፊት መናገር ፈርቶ ዳር ዳር የሚል፣ ነገሩን የሚያድበሰብስ ሰው። ለሰው ብቻ ሳይሆን ለንግግርም ይሆናል። ለምሳሌ አንድ ድርጅት «ጥፋቱ የኛ ነው» በማለት ፈንታ «ምናልባት ቅር የተሰኛችሁ ካላችሁ እናዝናለን» ብሎ መግለጫ ቢያወጣ፣ ያ «ሚሊ-ማውዝድ አፖሎጂ» (የተድበሰበሰ ይቅርታ) ይባላል። ለፖለቲከኛ መልስም በደንብ ይሄዳል።

ዋናው ነገር ግን ቃሉ ወቀሳ መሆኑ ነው! ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፤ ጨዋ፣ ቁጥብ ወይም ረጋ ብሎ የሚያወራ ሰውን ለማድነቅ ብላችሁ ከተጠቀማችሁበት ሰውየውን ሳታስቡት ፈሪና ሸፋጭ ብላችሁ ሰደባችሁት ማለት ነው። ለዚያ «ሶፍት-ስፖክን» አለላችሁ፣ እሱ ድምፁ ለስለስ ያለ ሰው ነው። ክፉ ዜናን በዘዴ ለሚናገር ደግሞ «ዲፕሎማቲክ» ይበቃል። ተቃራኒውን፣ ማለትም ያለውን ሳይሸፋፍን የሚናገረውን ከፈለጋችሁ «ፕሌን-ስፖክን» በሉ።

ስትጽፉት በሁለቱ ቃላት መሃል ሰረዟን አትርሱ። መጨረሻው ላይ ያለችው «ድ»ም አትቅር፣ ያለሷ ቅጽል አይሆንም።