ሃያሲንትን በሚኒሶታ ብርድ ማሳደግ

እዚህ ሚኒያፖሊስ ብርዱ ቶሎ አይለቅም። በጸደይ መጀመሪያ ሽታው በር ድረስ የሚቀበላችሁ አበባ ከፈለጋችሁ ሃያሲንት ትከሉ። ብርዱን እኮ ይፈልገዋል! 12 ሳምንት ያህል ካልበረደው በደንብ አያብብም።

የሚተከለው ሽንኩርት የሚመስለው ከመሬት በታች ያለው ክፍሉ ነው። ስትገዙ ጫን ጫን አድርጉት። ጠንከርና ከበድ ያለውን ውሰዱ፣ የላላውን ተዉት። ጓንት አትርሱ፣ ልጣጩ ቆዳ ያሳክካል። ውሻ ካላችሁ ደግሞ አርቁት፣ መርዝ ነው።

ጊዜው ከሴፕቴምበር መጨረሻ እስከ ኦክቶበር አጋማሽ ነው። መሬቱ በረዶ ሳይሆን ሥር መስደድ አለበት። ፀሐይ የሚያገኝ፣ ውሃ የማይቋጥር ቦታ ምረጡ። እዚህ ላይ ድርድር የለም! ጭቃ ውስጥ ከከረመ ይበሰብሳል። አፈራችሁ ሸክላ ከሆነ ኮምፖስት ደባልቁበት፣ መደቡንም ከፍ አድርጉት። 20 ሳንቲሜትር ያህል ቆፍሩ። ሹሉ ጫፍ ወደ ላይ ይሁን፣ በመካከላቸው 15 ሳንቲሜትር ተዉ። አፈሩን መልሱና አንዴ በደንብ አጠጡ።

ገለባ ወይም ደረቅ ቅጠል የምታለብሱት መሬቱ በብርድ ከጠጠረ በኋላ ነው። ቀድማችሁ ካለበሳችሁት አይጥ ጎጆ ይሠራበታል። ቡቃያው ብቅ ሲል ግለጡለት።

አበባው ሲጠወልግ አገዳውን ብቻ ቁረጡ። ቅጠሉን ግን ቢያስጠላችሁም ቢጫ እስኪሆን ድረስ እንዳትነኩት፣ የከርሞውን ምግብ የሚያጠራቅመው እሱ ነው። በሁለተኛው ዓመት አበባው ሳሳ ይላል። እኔ እንደዚያ ስስ ሲል ይበልጥ እወደዋለሁ፤ ሞላ ያለ የሚወድ በየመኸሩ ጥቂት አዲስ ይጨምርበት።