ሐረጎን በብስክሌት ስትወርዱ

ከደሴ ወደ ኮምቦልቻ በሚወስደው በሐረጎ ጠመዝማዛ ቁልቁለት ለመውረድ ከመነሳቴ በፊት መጀመሪያ የማየው ፍሬኑን ነው። የፍሬኑ ጎማ ካለቀ አልነሳም። የመሪውን የታችኛውን ጥምዝ ያዙ። ኩርባው ሳይደርስ ሁለቱንም ፍሬን ያዝ ለቀቅ አድርጉ። ኩርባው ውስጥ ገብቶ የፊቱን ጭምድድ ማድረግ ይጥላል። ወደ ግራ ስትታጠፉ የቀኙ ፔዳል ታች ይሁን፤ ክብደታችሁን እሱ ላይ ጣሉት። ዓይናችሁ ደግሞ ጎማው ላይ ሳይሆን የኩርባው መውጫ ላይ ይሁን።

ኮርቻውን ትቶ የላይኛው ብረት ላይ ተቀምጦ መውረድን ዓለም አቀፉ የብስክሌት ኅብረት ከ2021 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በውድድር ከልክሎታል። እባካችሁ እናንተም ተዉት። ባለፈው ክረምት ጉም ወርዶ የአይሱዙ መብራት ድንገት ፊቴ ድቅን አለ። የተረፍኩት ቀኜን ይዤ ስለነበር ነው።