ስለ ተገጣጣሚ ቤቶች ሲወራ ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ቤት ከፋብሪካ ተመርቶ እየወጣ ቦታው ላይ ይገጣጠም ነበር። ዛሬ ስለዚያ ዘመን ሲነሳ ደጋግሜ የምሰማቸው ስህተቶች አሉ። (ዓመቶቹ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«ጊዜያዊ ስለነበሩ አይረቡም» ማለት። ብሪታንያ ከ156 ሺህ በላይ ጊዜያዊ ቤቶች ተክላለች። የታሰቡት ለ10 ዓመት ገደማ ነበር፤ ብዙዎቹ ግን ከዚያ በላይ ለአሥርት ዓመታት ተኖረባቸው። ሙቅ ውሃና የቤት ውስጥ ሽንት ቤት ነበራቸው፤ ብዙዎቹ ፍሪጅም ጭምር። ያኔ ይህ ለሠራተኛ ቤተሰብ ትልቅ ነገር ነው። ለንደን ካትፎርድ ውስጥ ከነበሩት ስድስቱ በ2009 በቅርስነት ተመዝግበዋል።

«ከፋብሪካ ከወጣ ርካሽ ነው» ብሎ መደምደም። አሜሪካ ውስጥ ሉስትሮን የሚባል ኩባንያ ግድግዳውም ጣሪያውም ኢናሜል (እንደ መስታወት የሚያብረቀርቅ ሽፋን) የተቀባ ብረት የሆነ ቤት ይሠራ ነበር። ሥዕል የሚሰቀለው በማግኔት ነው! መንግሥት ከ37 ሚሊዮን ዶላር በላይ አበደረው። 7 ሺህ ዶላር ገደማ ይሸጣል የተባለው ቤት ግን ወደ 10 ሺህ አሻቀበ። ግዙፍ ፋብሪካ የሚያዋጣው ሳያቋርጥ ሲሸጥ ነው። ባንኮች ደግሞ ለገዢው ብድር ለመስጠት ያቅማሙ ነበር፤ የግንባታ ደንቡም በየከተማው ይለያያል። ኩባንያው 2,500 ያህል ቤት ሠርቶ በ1950 ከሰረ።

የሶቪየት ተገጣጣሚ ባለ አምስት ፎቅ ሕንፃዎችን በዛሬ ዓይን ብቻ መመዘን። ጠባብ ናቸው፣ ሊፍት የላቸውም። ግን ብዙዎቹ ነዋሪዎች የመጡት ወጥ ቤት ከጎረቤት ጋር ከሚጋሩበት ቤት ነው። የራስን በር መዝጋት ቀላል ነገር አይደለም።

«ሮናን ፖይንትን ያፈረሰው ጋዝ ነው» ማለት። እኔን በጣም የሚያናድደኝ ይሄኛው ነው። ሜይ 16 ቀን 1968 ማለዳ፣ ሮናን ፖይንት በሚባለው የምሥራቅ ለንደን ባለ 22 ፎቅ ተገጣጣሚ ሕንፃ ውስጥ፣ 18ኛው ፎቅ ላይ አንዲት ነዋሪ ሻይ ልታፈላ ክብሪት ጫረች። ያፈተለከው ጋዝ ፈነዳ። እሷ ተረፈች፤ ፍንዳታው ያን ያህል ትልቅ አልነበረም። ግን የጥግ ግድግዳዎቹ ተገፍተው ወጡ። ከላይ ያሉት ወለሎች መደገፊያ አጡ። ወረዱ፤ ሲወርዱም ከሥር ያሉትን አንድ በአንድ ይዘው ሄዱ። 4 ሰዎች ሞቱ። ሕንፃው ተጠግኖ እንደገና ሰው ገባበት። በ1986 ሲፈታ ደግሞ በሲሚንቶ መሞላት የነበረባቸው መጋጠሚያዎች ክፍት ሆነው፣ አንዳንዶቹም ጋዜጣ ተጠቅጥቆባቸው ተገኙ። ጋዜጣውን የጠቀጠቀው ፋብሪካው አይደለም። ቦታው ላይ የተሠራውን ሥራ ቀርቦ ያየ ተቆጣጣሪ የነበረ አይመስልም።