በአሜሪካ ኮንግረስ ክፍት ለሆነ ወንበር በሚደረግ ማሟያ ምርጫ እንዴት መሳተፍ ይቻላል

እ.ኤ.አ. ሜይ 21 ቀን 2025 የሰሜን ቨርጂኒያን 11ኛ የምርጫ ክልል ከ2009 ጀምሮ የወከሉት ጄሪ ኮኖሊ ከዚህ ዓለም በሞት ተለዩ። በማግስቱ የአሜሪካ የተወካዮች ምክር ቤት ግዙፉን የታክስና የወጪ ረቂቅ ሕግ በ215 ድጋፍና በ214 ተቃውሞ አሳለፈ። ያን ዕለት ከኮኖሊ ወንበር ሌላ የቴክሳስ 18ኛውና የአሪዞና 7ኛው ክልል ወንበሮችም፣ ወኪሎቻቸው በዚያው ዓመት በመሞታቸው ባዶ ነበሩ። አንድ የምርጫ ክልል በአማካይ 760 ሺህ ያህል ሕዝብ ስለሚይዝ፣ እጅግ ጠባብ በሆነ ልዩነት በተወሰነ ጉዳይ ላይ ከሁለት ሚሊዮን በላይ ሰዎች በስማቸው ድምፅ የሚሰጥላቸው ወኪል አልነበራቸውም።

ብዙ ኢትዮጵያውያን የሚኖሩበት የፌርፋክስ ካውንቲ ሰፊ ክፍል በዚህ በ11ኛው ክልል ውስጥ ይገኛል። እንዲህ ያለው ወንበር የሚሞላው በማሟያ ምርጫ ሲሆን፣ ምርጫው በድንገት የሚጠራ፣ በአጭር ጊዜ የሚያልቅና ጥቂት ሰው ብቻ የሚወጣበት በመሆኑ፣ ቀኑ ሳይቆረጥ ተዘጋጅቶ የሚጠብቅ መራጭ ከመደበኛው ምርጫ ይልቅ በዚህኛው የሚሰማ ድምፅ ይኖረዋል። ከዚህ በታች ያለው ቅደም ተከተል በቨርጂኒያው ምርጫ ላይ ተመሥርቶ የቀረበ ነው፤ የሌሎች ግዛቶች (ስቴቶች) አሠራር የሚለይበት ቦታ ሲያጋጥም ተጠቅሷል።

ቀኑን የሚቆርጠው ማን እንደሆነ ይወቁ

በአሜሪካ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 1 ክፍል 2 መሠረት፣ በተወካዮች ምክር ቤት የሚገኝ ወንበር ባዶ ሲሆን የግዛቱ አስተዳዳሪ፣ ማለትም ገዥው፣ ምርጫ እንዲደረግ ትእዛዝ ያወጣል። ገዥው በራሱ ሥልጣን ሰው መሾም አይችልም፤ የተወካዮች ምክር ቤት አባል የሚሆነው በሕዝብ የተመረጠ ሰው ብቻ ነው። ሴኔቱ ግን ይለያል። በ1913 የጸደቀው 17ኛው ማሻሻያ፣ የግዛቱ ምክር ቤት ከፈቀደ፣ ገዥው ምርጫ እስኪደረግ ድረስ ጊዜያዊ ሴናተር እንዲሾም ይፈቅዳል። በመሆኑም ባዶ የሆነው ወንበር የየትኛው ምክር ቤት እንደሆነ አስቀድሞ መለየት ይገባል።

ቀኑን መቁረጥ ለገዥውና ለግዛቱ ሕግ የተተወ ስለሆነ የጊዜው ርዝመት በጣም ይለያያል። በቨርጂኒያ የዚያን ጊዜው ገዥ ግሌን ያንግኪን ምርጫው ሴፕቴምበር 9 ቀን 2025 እንዲደረግ ስለወሰኑ ወንበሩ አራት ወር እንኳ ሳይሞላው ባለቤት አገኘ። በፍሎሪዳ 20ኛው ክልል ግን አልሲ ሄስቲንግስ ኤፕሪል 6 ቀን 2021 ካረፉ በኋላ ተተኪው የተመረጠው በጃንዋሪ 11 ቀን 2022 ነበር፤ ሕዝቡ ዘጠኝ ወር ያለ ወኪል ቆይቷል ማለት ነው። በቴክሳስ 18ኛው ክልል ደግሞ ሲልቬስተር ተርነር በማርች 2025 ከሞቱ በኋላ የመጀመሪያው ዙር የተደረገው በኖቬምበር ሲሆን፣ ከግማሽ በላይ ድምፅ ያገኘ እጩ ባለመኖሩ ጉዳዩ ለጃንዋሪ 31 ቀን 2026 ሁለተኛ ዙር ተላለፈ። ይህን ያህል መዘግየት ሕግ ቢፈቅደውም ለመራጩ ፍትሐዊ ነው ብሎ መቀበል ይከብዳል። ስለዚህ የሞት ወይም የመልቀቅ ዜና እንደተሰማ የገዥውን መግለጫና የግዛቱን የምርጫ ጽሕፈት ቤት ድረ ገጽ መከታተል መጀመር ያስፈልጋል።

መምረጥ እንደሚችሉና የትኛው ክልል እንደሚመለከትዎ ያረጋግጡ

በዚህ ምርጫ ድምፅ መስጠት የሚችለው የአሜሪካ ዜግነት ያለው ሰው ብቻ ነው። ይህ በቀላሉ የሚታለፍ ጉዳይ አይደለም። ግሪን ካርድ ያለው ሰው መንጃ ፈቃድ ሲያወጣ የቀረበለትን የመራጭነት ምዝገባ ጥያቄ ሳያስተውል «አዎ» ብሎ ቢፈርም ወይም ድምፅ ቢሰጥ፣ ዜግነቱን ከመከልከል አልፎ ከአገር እስከ መባረር የሚያደርስ ችግር ሊገጥመው ይችላል። ቋንቋው ገና ያልለመደላቸው ወላጆች ያሉት ሰው ቅጹን አብሯቸው ተቀምጦ ቢያነብላቸው ትልቅ ውለታ ነው።

ዜጋ ከሆኑ ቀጥሎ የሚያጣሩት የመኖሪያ አድራሻዎ በየትኛው ክልል እንደሚገኝ ነው። የፖስታ አድራሻ እዚህ ላይ ሊያሳስት ይችላል። ደብዳቤው ላይ «አሌክሳንድሪያ» የሚል የተጻፈበት ቤት ብዙ ጊዜ የሚገኘው በከተማዋ ውስጥ ሳይሆን በፌርፋክስ ካውንቲ ነው፤ የአሌክሳንድሪያ ከተማና አርሊንግተን ደግሞ በ8ኛው ክልል ስር ስለሆኑ የ2025ቱ ማሟያ ምርጫ አልተመለከታቸውም። በአንድ መንገድ ግራና ቀኝ የሚኖሩ ጎረቤታሞች በተለያየ ክልል ሊሆኑ ስለሚችሉ፣ በሰው ወሬ ከመወሰን ሙሉ አድራሻን በግዛቱ የምርጫ ጽሕፈት ቤት ድረ ገጽ ላይ አስገብቶ ማየት ይሻላል።

ምዝገባዎን ያስተካክሉ

በፌዴራል ሕግ መሠረት ግዛቶች ምዝገባን ከምርጫው በፊት ቢበዛ 30 ቀን ቀድመው መዝጋት ይችላሉ፤ ቴክሳስን የመሰሉ ግዛቶች ይህን ገደብ ሙሉ በሙሉ ይጠቀሙበታል። ቨርጂኒያ ግን ከ2022 ጀምሮ የምዝገባው ጊዜ ካለፈ በኋላም፣ በምርጫው ቀን ጭምር፣ መመዝገብን ትፈቅዳለች። እንዲህ የተመዘገበ ሰው ድምፅ የሚሰጠው በጊዜያዊ የድምፅ መስጫ ወረቀት ሲሆን፣ ወረቀቱ የሚቆጠረው የመራጩ ብቁነት ከተጣራ በኋላ ነው። ይህ መውጫ ቢኖርም ቀድሞ መመዝገብ ከብዙ መጉላላት ያድናል።

በእኛ ዘንድ ምዝገባን ብዙ ጊዜ የሚያበላሸው የስም አጻጻፍ ነው። በፓስፖርት ላይ የአባት ስም መካከለኛ ስም ሆኖ የአያት ስም መጨረሻ ላይ ይጻፋል፤ በመንጃ ፈቃድ ላይ ደግሞ የአባት ስም መጨረሻ ላይ ይመጣል፤ በአንዱ ሰነድ ላይ ሁለት ፊደል የተደረበበት ስም በሌላው ላይ በአንድ ፊደል ይገኛል። የምርጫ ጽሕፈት ቤት መረጃውን የሚያመሳክረው ከመንጃ ፈቃድና ከሶሻል ሴኩሪቲ መዝገብ ጋር ስለሆነ፣ በቅጹ ላይ ስምዎን በመንጃ ፈቃድዎ ላይ እንደተጻፈው፣ ፊደል ሳይለውጡ፣ መሙላት ያስፈልጋል። ቤት የቀየረ ሰውም ምርጫ እስኪጠራ ሳይጠብቅ አድራሻውን ማሳደስ አለበት።

የፓርቲዎቹን ማጣሪያ አይለፉ

አብዛኛው ሰው ሳያውቀው የሚያልፈው ይህን ነው። አንድ ፓርቲ በሰፊ ልዩነት በሚያሸንፍበት ክልል፣ ማን ኮንግረስ እንደሚገባ የሚወሰነው በእርግጥ ፓርቲው እጩውን በሚመርጥበት በማጣሪያው ነው። በ11ኛው ክልል ዴሞክራቶች ማጣሪያቸውን ያደረጉት በጁን 28 ቀን 2025፣ ኮኖሊ ባረፉ በአምስት ሳምንት ተኩል ውስጥ ነበር። ማጣሪያውን ያዘጋጀው ራሱ ፓርቲው እንጂ የካውንቲው የምርጫ ጽሕፈት ቤት ስላልነበረ፣ በወትሮው ጣቢያዬ እመርጣለሁ ብሎ የሄደ ሰው የተዘጋ በር ሊያገኝ ይችል ነበር። ያሸነፉት ጄምስ ዎኪንሾ ቀደም ሲል የኮኖሊ ጽሕፈት ቤት ኃላፊ፣ በኋላም የካውንቲው አስተዳደር ቦርድ አባል የነበሩ ሰው ናቸው። በሴፕቴምበሩ ምርጫም ከአራት መራጮች የሦስት ያህሉን ድምፅ አግኝተዋል።

በማጣሪያ ላይ አንድ ቤተሰብ ምን ያህል እንደሚመዝን የፍሎሪዳው 20ኛ ክልል ያሳያል። በኖቬምበር 2021 በተደረገው የዴሞክራቶች ማጣሪያ ሺላ ሸርፊለስ ማኮርሚክ ዴል ሆልነስን ያሸነፉት በአምስት ድምፅ ብቻ ነበር፤ ውጤቱም 11,662 ለ11,657 ነበር።

የማጣሪያው ደንብ ከግዛት ግዛት ይለያያል። በቨርጂኒያ መራጭ የሚመዘገበው በፓርቲ አይደለም። በፍሎሪዳ ግን በፓርቲው ስም ያልተመዘገበ ሰው በዚያ ፓርቲ ማጣሪያ መሳተፍ አይችልም። በቴክሳስ ማሟያ ምርጫ ደግሞ ማጣሪያ የሚባል ነገር ስለሌለ የሁሉም ፓርቲ እጩዎች በአንድ ወረቀት ላይ ይቀርባሉ። ስለዚህ ገዥው የምርጫውን ቀን ባስታወቀ ሳምንት ውስጥ፣ ማጣሪያ መኖር አለመኖሩን፣ መቼና የት እንደሚደረግ፣ ማን እንደሚያዘጋጀው ከፓርቲዎቹ የአካባቢ ጽሕፈት ቤቶች ይጠይቁ።

ድምፅዎን ይስጡ

በቨርጂኒያ በአካል ቀድሞ መምረጥ የሚጀምረው ከምርጫው ቀን 45 ቀን ገደማ አስቀድሞ ሲሆን፣ ምክንያት ማቅረብ አያስፈልግም። ለታክሲና ለኡበር ሾፌሮች፣ በሆስፒታልና በፓርኪንግ የሌሊት ፈረቃ ለሚሠሩ ሰዎች ከዚህ የተሻለ መንገድ የለም። ሆኖም በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት የሚከፈቱት ቦታዎች ጥቂት ስለሆኑ የትኛው ክፍት እንደሆነ አስቀድሞ ማየት ያስፈልጋል። በምርጫው ዕለት ጣቢያዎች ከጠዋቱ 12 ሰዓት እስከ ምሽቱ 1 ሰዓት ክፍት ናቸው፤ በመዝጊያው ሰዓት በሰልፍ ላይ ያለ ሰው ሳይመርጥ አይመለስም። መታወቂያ ይዞ መሄድ ይገባል፤ ያልያዘ ሰው ግን ማንነቱን የሚያረጋግጥ ቃል ፈርሞ መምረጥ ይችላል።

በፖስታ የሚመርጥ ሰው በውስጠኛው ፖስታ ላይ መፈረም፣ የሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥሩን የመጨረሻ አራት አኃዞችና የተወለደበትን ዓመት መጻፍ አለበት። እዚህ ላይ ብዙዎች የሚሳሳቱት ዓመቱን በኢትዮጵያ አቆጣጠር ሲያሰሉ ነው፤ የሚጻፈው በአሜሪካ ሰነድዎ ላይ የሰፈረው ዓመት ነው።

እንግሊዝኛ ማንበብ የሚቸገር መራጭ በ1965ቱ የመምረጥ መብት ሕግ ክፍል 208 መሠረት የሚያምነውን ሰው ይዞ መግባት ይችላል። ረዳቱ ልጅ፣ ጎረቤት ወይም ጓደኛ ሊሆን ይችላል፤ የማይፈቀደው የመራጩ አሠሪ ወይም የአሠሪው ወኪል፣ እንዲሁም የሠራተኛ ማኅበሩ ባለሥልጣን ወይም ወኪል ነው። በጣቢያው የእርዳታ መጠየቂያ ቅጽ ስለሚሞላ ለዚያ ጥቂት ደቂቃ ይተዉ። የጣቢያ ሠራተኛ «ብቻዎን ይግቡ» ቢል፣ ይህ መብት በሕግ የተሰጠ መሆኑን ገልጾ የጣቢያውን ኃላፊ መጥራት ይገባል።

ከቆጠራው በኋላ የሚሆነውን ይከታተሉ

ዎኪንሾ በተመረጡ ማግስት፣ በሴፕቴምበር 10፣ ቃለ መሐላ ፈጸሙ። በአሪዞና 7ኛው ክልል ሴፕቴምበር 23 የተመረጡት አደሊታ ግሪሃልቫ ግን የመንግሥት ሥራ በመዘጋቱና ምክር ቤቱ ባለመሰብሰቡ እስከ ኖቬምበር 12 መጠበቅ ግድ ሆነባቸው፤ ሕዝብ የመረጠው ሰው ሰባት ሳምንት በር ላይ መቆሙ ሊያሳዝን ይገባል። ቃለ መሐላውን የሚያስፈጽመው አፈ ጉባኤው ስለሆነ፣ መዘግየት ሲኖር መራጩ ለአፈ ጉባኤው ጽሕፈት ቤት ደውሎ መጠየቅ መብቱ ነው። በማሟያ ምርጫ የገባ ተወካይ የሚያገለግለው የቀረውን ዘመን ብቻ ነው። የዎኪንሾ ዘመን በጃንዋሪ 2027 ስለሚያበቃ፣ ያው ወንበር በኖቬምበር 2026 እንደገና ለመራጩ ይቀርባል።

ወንበሩ ባዶ ሆኖ ሳለም የተወካዩ ጽሕፈት ቤት አይዘጋም። ሠራተኞቹ በምክር ቤቱ ዋና ጸሐፊ ስር ሆነው የነዋሪውን ጉዳይ መከታተላቸውን ይቀጥላሉ፤ የማይችሉት ድምፅ መስጠትና በሕግ ጉዳይ ላይ አቋም መውሰድ ነው። አዲስ አበባ ባለው ኤምባሲ የዘገየ የቤተሰብ ቪዛ ወይም የተጓተተ የዜግነት ማመልከቻ ያለው ሰው፣ አዲስ ተወካይ እስኪገባ ሳይጠብቅ በዚያው ጽሕፈት ቤት ስልክ ደውሎ ጉዳዩን ማስከፈት ይችላል። አዲሱ ተወካይ ሥራ ሲጀምር ግን መረጃዎ ለጽሕፈት ቤታቸው እንዲሰጥ የሚፈቅድ ቅጽ እንደገና ሊጠየቁ ስለሚችሉ፣ የጉዳይ ቁጥርዎንና ቀደም ሲል የተላኩልዎትን ደብዳቤዎች በአንድ ላይ አድርገው ያቆዩ።