የጃፓናውያንን የሕይወት ታሪክ በአማርኛ ስንጽፍ ልናስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

ስመ ጥር ጃፓናውያን የጻፏቸውን ግለ ታሪኮች ወደ አማርኛ የሚመልሱ፣ ወይም ከልዩ ልዩ ምንጮች አሰባስበው ስለ እነርሱ የሚጽፉ ወጣቶች ረቂቃቸውን ለእርማት ሲልኩልኝ ቆይተዋል። በእንግሊዝኛ በኩል ብቻ እየሄዱ ይህን ያህል መድከማቸውን አከብራለሁ። ይሁን እንጂ አንዳንድ ስህተቶች ከአንዱ ረቂቅ ወደ ሌላው እየተሻገሩ ስለሚመጡ፣ ለእያንዳንዱ ሰው ለብቻው ከምመልስ ሁሉንም በአንድነት ጽፌ ማኖሩን መረጥሁ። የሰዋስው እርማት እዚህ ውስጥ አልገባም።

ብዙውን ጊዜ ረቂቁ የሚበላሸው በዘመን አቆጣጠር ነው። የአማርኛ ጸሐፊ ከፈረንጆቹ ዓመት ሰባት ወይም ስምንት መቀነስን ከትምህርት ቤት ጀምሮ ስለለመደው ሥራው እዚያ ላይ የሚያበቃ ይመስለዋል። ጃፓን የጎርጎርዮስን አቆጣጠር የተቀበለችው ግን እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 1 ቀን 1873 ነው፤ ከዚያ በፊት ያለው ቀን ሁሉ ጨረቃንና ፀሐይን አጣምሮ በሚሄድ ሌላ ባሕረ ሐሳብ የተመዘገበ ነው። የኬዮ ትምህርት ቤት መሥራች ፉኩዛዋ ዩኪቺ የተወለዱት በቴንፖ ዘመን (ጃፓናውያን ዓመትን የሚቆጥሩት እንዲህ ባሉ የዘመን ስሞች ነው) 5ኛ ዓመት፣ በ12ኛው ወር፣ በ12ኛው ቀን ነው። ቴንፖ 5 በአብዛኛው ከ1834 ጋር ስለሚገጥም ዓመቱን ብቻ ያመሳከረ ሰው ልደታቸውን 1834 ይለዋል፤ ቀኑን በትክክል የለወጠ ሰው ግን ጃንዋሪ 10 ቀን 1835 ያገኛል፣ በእኛም አቆጣጠር ጥር 1827 ዓ.ም. ላይ ይደርሳል።

ከዚህ የባሰው ሁለቱን አቆጣጠሮች በአንድ ገጽ ላይ መደባለቅ ነው። የሾጉኖችን አገዛዝ ለመጣል የታገለው ሳሙራይ ሳካሞቶ ርዮማ የተወለደውም የተገደለውም በ11ኛው ወር በ15ኛው ቀን በመሆኑ ጃፓናውያን «በልደቱ ቀን ሞተ» ይላሉ። በጎርጎርዮስ አቆጣጠር ልደቱ ጃንዋሪ 3 ቀን 1836፣ ሞቱ ደግሞ ዲሴምበር 10 ቀን 1867 ነው። እነዚህን ሁለት ቀኖች ጽፎ ወረድ ብሎ «በልደቱ ቀን ሞተ» የሚል ረቂቅ ደጋግሞ ደርሶኛል፤ ጸሐፊው ሁለቱን ዓረፍተ ነገሮች ጎን ለጎን አላነበባቸውም ማለት ነው። ስለዚህ በረቂቃችሁ ላይ መጀመሪያ የጃፓኑን ዘመንና ቀን፣ ቀጥሎ የጎርጎርዮሱን፣ በመጨረሻ የኢትዮጵያውን አስፍሩ፤ ለኅትመት የማያስፈልገውን በኋላ ማውጣት ይቻላል። የዘመን ስሞቹ ድንበርም ጥንቃቄ ይሻል። 1912 እስከ ጁላይ መጨረሻ ሜይጂ 45፣ ከዚያ በኋላ ታይሾ 1 ነው፤ ሾዋ 1 የ1926 የመጨረሻ ሳምንት ብቻ ሲሆን፣ ሾዋ 64 ደግሞ በ1989 መጀመሪያ ላይ ከሰባት ቀን አላለፈም።

ዕድሜም ከዚሁ ጋር ይሄዳል። በቀድሞው የጃፓን ልማድ ሕፃን እንደተወለደ አንድ ዓመት ይባልና በየአዲስ ዓመቱ አንድ ይጨመርለታል። ኋላ የሴቶች ኮሌጅ የመሠረተችው ፁዳ ኡሜኮ በ1871 መጨረሻ የጃፓን መንግሥት ወደ ምዕራብ አገሮች ከላካቸው የኢዋኩራ ልዑካን ጋር ወደ አሜሪካ ለትምህርት ስትላክ በአሮጌው አቆጣጠር የስምንት ዓመት ልጅ ነበረች፤ የተወለደችው ዲሴምበር 31 ቀን 1864 ስለሆነ በእኛ አነጋገር ገና ሰባት ዓመት አልሞላትም። ስድስትና ስምንት ለአንድ ሕፃን ብዙ ልዩነት አላቸው። በ1882 ወደ አገሯ ስትመለስ የእናት አባቷን ቋንቋ ረስታው የነበረችው ለምን እንደሆነ አንባቢ የሚረዳው ትክክለኛው ዕድሜ ሲነገረው ነው።

በስም በኩል የእኛ ልማድ ያሳስተናል። እኛ ሰውን የምንጠራው በራሱ ስም ነው፤ የአባት ስም ተከታይ ነው። ጃፓናውያን የቤተሰቡን ስም አስቀድመው ሰውየውንም በእርሱ ይጠሩታል፤ የእንግሊዝኛ መጻሕፍት ደግሞ ቅደም ተከተሉን ብዙ ጊዜ ይገለብጡታል። በዚህ መካከል ስለ አንዱ ሰው ስለ ዩካዋ ሂዴኪ የተጻፈ ረቂቅ በአንዱ ምዕራፍ «ዩካዋ»፣ በሌላው «ሂዴኪ» እያለ ይጓዛል። አንዱን መርጣችሁ ጽኑ፤ እንደ ናትሱሜ ሶሴኪ ያሉ ደራስያን በብዕር ስማቸው፣ እንደ ኦዳ ኖቡናጋ ያሉ የጥንት መሳፍንት ደግሞ በራሳቸው ስም እንደሚጠሩም አትርሱ። ማደጎም ስምን ይለውጣል፤ የማደጎው ልጅ ጎልማሳ፣ አልፎ ተርፎም ባለ ትዳር ሊሆን ይችላል። በ1949 የኖቤልን ሽልማት ያገኘው የፊዚክስ ሊቅ ዩካዋ ሂዴኪ የተወለደው ኦጋዋ ተብሎ ነው፤ በ1932 ሲያገባ ወደ ሚስቱ ቤተሰብ ገብቶ ዩካዋ ሆነ፤ የቻይናን ታሪክ ያጠናው ወንድሙ ደግሞ ካይዙካ ይባላል። አንድ ረቂቅ ኦጋዋን የዩካዋ የልጅነት ጓደኛ አድርጎ አቅርቦት ነበር። ጠቅላይ ሚኒስትሮቹ ኪሺ ኖቡሱኬና ሳቶ ኤይሳኩም የቤተሰብ ስማቸው ቢለያይም የአንድ እናትና አባት ልጆች ናቸው። ንጉሠ ነገሥት ሜይጂም በሕይወት ሳሉ በዚህ ስም አልተጠሩም፤ ስሙ ከሞቱ በኋላ የተሰጠ ነው።

ልብ ወለድን እንደ ምንጭ አትጥቀሱ። ብዙ ሰው የሚያውቀው ርዮማ፣ ደራሲው ሺባ ርዮታሮ ከ1962 እስከ 1966 በጋዜጣ በተከታታይ ያወጣው ገጸ ባሕርይ ነው፤ ሰይፈኛውን ሚያሞቶ ሙሳሺን የምትወደው ኦትሱም የደራሲ ፈጠራ ናት።

ግለ ታሪክም ቢሆን የመሐላ ቃል አይደለም። ፉኩዛዋ የራሳቸውን ታሪክ የተናገሩት ከስድሳ ዓመት በላይ ሆኗቸው ሳለ ነው፤ የሚናገሩትን የአጭር ጽሕፈት ባለሙያ ቀረጸላቸው፣ እርሳቸውም አረሙት፣ ከዚያም ራሳቸው ባቋቋሙት ጋዜጣ ላይ ታተመ። አዛውንት ለተማሪዎቻቸውና ለአንባቢዎቻቸው ሲሉ የመረጡት ትዝታ ነውና «ፉኩዛዋ እንዳስታወሱት» የሚለው ሐረግ ከአማርኛው መጥፋት የለበትም። ለሕዝብ ከተነገረው ቃል ጎን የግል ደብዳቤ ሲገኝ ደግሞ ደብዳቤውን በትዕግሥት አንብቡ። ፁዳ በአሜሪካ ላሳደገቻት ሴት በየጊዜው የጻፈቻቸው ደብዳቤዎች በ1984 እርሷ በመሠረተችው ኮሌጅ ጣራ ሥር ተገኙ፤ የጸናችውን መምህርት ብቻ የሚያውቅ አንባቢ በገዛ አገሯ እንግዳ የሆነችውን ወጣት የሚያገኛት በእነርሱ ውስጥ ነው።

አሁን ከሁሉ ይልቅ የሚያሳዝነኝን ስህተት ልናገር፤ ይኸውም የሕይወት ታሪክን ወደ ገድል መለወጥ ነው። ልማዱ በእኛ ዘንድ ሥር አለው። የ1923 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት የሜይጂን ሕገ መንግሥት ምሳሌ አድርጎ ሲወጣ፣ ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴም በ1924 ዓ.ም. ጃፓንን ጎብኝተው ያዩትን ሲጽፉ፣ ጥያቄው ያች አገር እንዴት ሠለጠነች የሚል ነበር፤ ጥያቄውም ለጊዜው ተገቢና አስፈላጊ ነበር። ችግሩ ከዚያ ወዲህ እያንዳንዱን ጃፓናዊ የዚያ ጥያቄ መልስ አድርገን ማንበባችን ነው። ጃፓኖችም ለልጆች በሚያዘጋጁት የታላላቅ ሰዎች ታሪክ ያግዙናል፤ የእኛ ጸሐፊዎች የሚቀዱት ከእንዲህ ዓይነቱ መጽሐፍ ትርጉም ነውና ስብከቱ ሁለት እጥፍ ይሆናል።

ኖጉቺ ሂዴዮን ውሰዱ። እንደ ልጆች መጽሐፍ ከሆነ በ1876 በፉኩሺማ ከድኻ ገበሬ ቤት ተወለደ፣ በሕፃንነቱ ምድጃ ውስጥ ወድቆ ግራ እጁ ተቃጠለ፣ በትጋቱ ሐኪም ሆነ፣ በኒው ዮርክ የሮክፌለር ተቋም ተመራማሪ ሆኖ ዝናው በዓለም ተሰማ፣ በ1928 በአክራ ቢጫ ወባን ሲመረምር በዚያው በሽታ ሞተ። ይህ ሁሉ እውነት ነው። የተዘለለው ግን ሰውየው ራሱ ነው። ኖጉቺ የበጎ አድራጊዎቹን ገንዘብ በመጠጥና በግብዣ ያባክን ነበር፤ ወደ አሜሪካም የሄደው ሊያገባት ቃል ከገባላት ልጅ ቤተሰብ ገንዘብ ተቀብሎ ነው፤ አላገባትምም።

ሳይንሱም ላይ እንዲሁ ነው። በ1913 የቂጥኝን ተሕዋስ በሽባ ሕሙማን አንጎል ውስጥ ማሳየቱ ጸንቶ የቆየ ሥራ ነው። በ1918 በኢኳዶር የቢጫ ወባን አምጪ ባክቴሪያ አገኘሁ ማለቱ ግን ስህተት ነበር፤ በሽታው የሚመጣው በቫይረስ ነውና በዘመኑ ማጉያ መነጽር ሊታይ አይችልም። በ1927 በምዕራብ አፍሪካ የነበሩ ተመራማሪዎች በሽታውን ወደ ዝንጀሮ በማስተላለፍ የእርሱን አሳብ ሲያፈርሱበት ኖጉቺ ራሱ ሊመረምር ወደ አክራ ተጓዘ። እንግዲህ «ለአፍሪካ ሕዝብ ሲል ሞተ» ብሎ የሚዘጋው ረቂቅ ሰውየው ለምን እንደሄደ እንኳ አልነገረንም። የዕድሜ ልክ ስሙ ሊፈርስ ሲል ከባለ ጤናው ቤተ ሙከራ ተነሥቶ ሞት ወዳለበት የሄደን ሰው፣ ትዕቢቱም ድፍረቱም በአንድ ሰውነት ውስጥ የነበሩበትን ሰው፣ ለልጆች ምክር ሲባል ማስተካከል ግፍ ነው። ጀማሪ ጸሐፊዎች «አንባቢ ቅር ይለዋል» ይሉኛል። አንባቢ ቅር ይበለው፤ እውነቱን መስማት ይችላል።

የመጨረሻው ስህተት በተለይ በኢትዮጵያውያን ዘንድ የሚታይ ነው፤ ለአንድ ሰው መከራ አንድ ምክንያት ብቻ መስጠት። በ1964 በቶኪዮ ማራቶን አበበ ቢቂላ ሲያሸንፍ ጃፓናዊው ፁቡራያ ኮኪቺ ሦስተኛ ወጣ፤ በጃንዋሪ 1968 በ27 ዓመቱ ሕይወቱን በገዛ እጁ አጠፋ። «በአበበ በመሸነፉ ሞተ» የሚለው አማርኛ ሐሰት ነው። አበበ ከአራት ደቂቃ በላይ ቀድሞት ነበር፤ ፁቡራያ ስታዲየም የገባው ሁለተኛ ሆኖ ሲሆን በሜዳው ውስጥ ያለፈው እንግሊዛዊው ቤዝል ሂትሊ ነው፤ በመካከላቸውም አራት ሰከንድ እንኳ አልነበረም። ከዚያ በኋላ እስከ ሞቱ ከሦስት ዓመት በላይ አለ። በዚያ ጊዜ ውስጥ የወገብ ሕመምና ቀዶ ሕክምና፣ የሠራዊት አለቃው ሳይፈቅድለት የቀረ ጋብቻ፣ ለሜክሲኮ ኦሊምፒክ አገር ሁሉ ከእርሱ የሚጠብቀው ድል ነበሩ። የተወው ማስታወሻ ወላጆቹንና ወንድሞቹን ስላበሉት ምግብ በየስማቸው እየጠራ ያመሰግናል፤ አበበን አያነሣም። ስለ ፁቡራያ የምትጽፉ ሁሉ እነዚያን ዓመታት ወደ ረቂቃችሁ መልሱ፤ አበበ በታሪኩ ውስጥ የሚኖረው ስፍራ አንድ አንቀጽ ነው።